ጨረታ ላይ ነጥባችሁ ተበላ? ቅሬታውን እንዲህ አስገቡ

«አልተመረጣችሁም» የሚለው ደብዳቤ እጃችሁ እንደገባ እስክሪብቶ አውጡና ጠርዙ ላይ የተቀበላችሁበትን ቀንና ሰዓት ጻፉ። ንዴቱ ይደርሳል።

ይህን የምለው ከደረሰብኝ ተነስቼ ነው። ስታዲየም አካባቢ ካለች ባለ ሁለት ክፍል ቢሮ ሆኜ ለአንድ አነስተኛ ድርጅት ጨረታ አዘጋጃለሁ። ሰነድ መግዛት፣ ሲፒኦ (ለጨረታ ማስከበሪያ የሚያዝ የባንክ ክፍያ ማዘዣ) ማሠራት፣ ፖስታ ማሸግ፣ ሲከፈት መገኘት፣ ስንወድቅም ቅሬታ መጻፍ የኔ ሥራ ነው። አንድ ጊዜ አንድ መሥሪያ ቤት ያለ አግባብ ጣለን። ስደውል የግዥ ባለሙያው፣ በጣም ጨዋ ሰው ነው፣ «ወንድሜ ወረቀት ምን ያደርጋል፣ ና እንነጋገር» አለኝ። ሄድኩ። ሻይ ጋበዘኝ። «ለኃላፊው አቀርበዋለሁ፣ ሰኞ ደውልልኝ» አለ። ሰኞ ስብሰባ ላይ ነበር፣ ማክሰኞ ስልክ አላነሳም፣ ረቡዕ በዓል ሆነ፣ ሐሙስና አርብም እንዲሁ አለፉ። በመጨረሻ ቅሬታውን ጽፌ ሳስገባ የመጣልኝ መልስ አንድ መስመር ነበር፤ በጊዜ ገደቡ ውስጥ ስላልቀረበ አልተቀበልነውም። ሰውዬው ሆን ብሎ አጓተተኝ አልልም። ሻዩ ግን አንድ ጨረታ አስከፍሎኛል።

ከዚያ ወዲህ የምሠራበትን ቅደም ተከተል ነው የምነግራችሁ።

1. ገዢው ማን እንደሆነ ለዩ

ከአራት ኪሎ እስከ ሜክሲኮ በአንድ ታክሲ ስትሄዱ የፌዴራል ሚኒስቴር፣ የከተማ አስተዳደር ቢሮና የመንግሥት ልማት ድርጅት አልፋችሁ ትሄዳላችሁ። ለእኛ ለተጫራቾች ሦስቱም «መንግሥት» ናቸው። የቅሬታ መንገዳቸው ግን ይለያያል።

የፌዴራል መሥሪያ ቤት ከሆነ የሚመራው በፌዴራል መንግሥት የግዥና ንብረት አስተዳደር አዋጅ ነው። ለረጅም ጊዜ የሠራንበት አዋጅ ቁጥር 649/2001 ነበር፤ አሁን በአዋጅ ቁጥር 1333/2016 ተተክቷል። ኮምፒውተራችሁ ላይ የተቀመጠው የድሮ የቅሬታ ናሙና 649ን የሚጠቅስ ከሆነ ሳታስተካክሉ እንዳትልኩት። የእኔ ናሙና ይጠቅስ ነበር፣ ልልከው ጥቂት ሲቀረኝ ነው ያየሁት።

የአዲስ አበባ ከተማ አስተዳደር ቢሮ ወይም ክፍለ ከተማ ከሆነ ከተማው የራሱ የግዥ ሕግና የራሱ የቅሬታ መስመር አለው። የልማት ድርጅት ከሆነ ደግሞ ብዙ ጊዜ የድርጅቱ የራሱ የግዥ መመሪያ ነው የሚሠራው። በዓለም ባንክ ብድር የሚሠራ ፕሮጀክት ከሆነም የባንኩ የግዥ ደንብ ይገባል፤ ወደ እሱ እመለሳለሁ።

የቱ እንደሆነ ለማወቅ ሰው መጠየቅ አያስፈልግም። የገዛችሁትን የጨረታ ሰነድ ክፈቱ። «ለተጫራቾች የተሰጠ መመሪያ» የሚለው ክፍል መጨረሻ አካባቢ ስለ ቅሬታ የሚናገር አንቀጽ አለ። አብዛኛው ሰው ዋጋ መሙያውንና መግለጫውን አንብቦ ይህን ክፍል ይዘለዋል። አዋጁን በወረቀት የምትፈልጉ ከሆነ አራት ኪሎ ብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤት ሄዳችሁ ነጋሪት ጋዜጣውን መግዛት ትችላላችሁ።

2. ቀን ቁጠሩ

በ649 ጊዜ ቅሬታ የሚቀርበው በ5 የሥራ ቀናት ውስጥ ነበር። አቆጣጠሩ የሚጀምረው ነገሩን ካወቃችሁበት ወይም ማወቅ ከነበረባችሁ ቀን ነው። ውጤት ከተገለጸ በኋላም ውል ለመፈረም 7 የሥራ ቀናት ማለፍ ነበረባቸው። እናንተ ላይ የሚሠራው በእጃችሁ ባለው ሰነድና በሥራ ላይ ባለው ሕግ የተጻፈው ቀን ነው፣ እሱን ፈልጋችሁ አስምሩበት። እኔ ግን ሰነዱ ምንም ቢል በ3 ቀን ጨርሼ አስገባለሁ። ረዘም ያለ ጊዜ ቢኖረኝ እንኳ ገዢው ውሉን ለመፈረም እንደሚጣደፍ አውቃለሁ፤ በተለይ ግንቦትና ሰኔ ላይ፣ በጀቱ ሰኔ 30 ሳይዘጋ ገንዘቡን ለማሰር ሁሉም የሚሯሯጥበት ጊዜ ነው።

«ማወቅ ከነበረባችሁ» የምትለዋን ቃል አትናቁ። ችግሩን ያያችሁት ጨረታው በተከፈተበት ቀን ከሆነ፣ ለምሳሌ ሰዓት ያለፈበት ፖስታ ሲቀበሉ ወይም ሲፒኦ የሌለውን ተወዳዳሪ ሲያሳልፉ፣ ቀኑ ከዚያ ቀን ነው የሚቆጠረው። ውጤቱ እስኪመጣ ዝም ብላችሁ ስትሸነፉ ብታነሱት «ያኔ የት ነበራችሁ?» ይሏችኋል። እውነታቸውንም ነው።

ግዥው በኤሌክትሮኒክ የግዥ ሥርዓቱ የተካሄደ ከሆነ ማሳወቂያው በዚያው በኩል ሊመጣ ይችላል። አካውንታችሁ የተከፈተው በማን ኢሜይልና ስልክ እንደሆነ ዛሬውኑ እዩ። ከሁለት ዓመት በፊት በለቀቀ ሠራተኛ ስም የተመዘገበ አካውንት ይዘው የሚወዳደሩ ድርጅቶች አውቃለሁ። ማሳወቂያው ለልጁ ይደርሰዋል። ልጁ ምን አገባው!

3. ምክንያቱን በጽሑፍ ጠይቁ፣ መልሱን ግን አትጠብቁ

«መስፈርቱን ባለማሟላታችሁ» ብቻ የሚል ደብዳቤ ይመጣል። የትኛውን መስፈርት? በዚያው ቀን አጭር ደብዳቤ ጻፉ፤ የወደቅንበት መስፈርት፣ የተሰጠን ነጥብ፣ የአሸናፊው ስምና ዋጋ ይገለጽልን። የተሸነፈ ተጫራች ለምን እንደተሸነፈ የማወቅ መብት አለው። የሌላውን ተወዳዳሪ ሙሉ ሰነድ ግን አይሰጧችሁም፣ አትጠይቁም።

ይህን ደብዳቤ ስላስገባችሁ የቅሬታው ቀን አይቆምም። መልሱ በአምስተኛው ቀን ከሰዓት ቢመጣ ጉዳዩ አለቀ። ስለዚህ ያላችሁን ይዛችሁ ቅሬታውን አስገቡ፣ መልሱ ሲመጣ ማሟያ ታክላላችሁ።

ያላችሁ ደግሞ ብዙ ነው፣ መክፈቻው ላይ ተገኝታችሁ ከሆነ። ያን ቀን የእያንዳንዱ ተወዳዳሪ ስም፣ ዋጋ፣ ቅናሽ፣ የሲፒኦ መጠን ጮክ ተብሎ ይነበባል። እኔ ደብተር ይዤ ሁሉንም እጽፋለሁ። ሌሎቹ ስልካቸውን ሲጎረጉሩ እኔ የትኛው ፖስታ ማህተም እንደሌለው አያለሁ። ተወዳዳሪዎቹ ይስቁብኛል፣ ይሳቁ።

በዓለም ባንክ ደንብ ከሆነ ነገሩ የተሻለ ሥርዓት አለው። የአሸናፊ ማሳወቂያ ከወጣ በኋላ አብዛኛውን ጊዜ 10 የሥራ ቀናት ውል አይፈረምም። ማብራሪያ የምትጠይቁት በ3 የሥራ ቀናት ውስጥ ነው፤ በጊዜው ከጠየቃችሁ ገዢው በ5 የሥራ ቀናት ውስጥ ማብራራት አለበት። ሦስቱን ቀን ካሳለፋችሁ ያ ጥቅም ይቀርባችኋል።

4. የሚያዋጣ ቅሬታ ነው?

እዚህ ላይ ከራሳችሁ ጋር በሐቅ ተነጋገሩ። ቢሮ ውስጥ ሁሌም የምሰማው «የኛ ዋጋ ዝቅተኛ ነበር እኮ» የሚል ነው። ዝቅተኛ ዋጋ ብቻውን ጨረታ አያሸንፍም። ቴክኒኩና ዋጋው በተለያየ ፖስታ የሚገባበት ጨረታ ከሆነ ደግሞ በቴክኒክ ከወደቃችሁ ዋጋችሁ ላይከፈትም ይችላል።

በ649 የማይቀርቡ ቅሬታዎችም ነበሩ፤ የግዥ ዘዴው ለምን ይህ ሆነ፣ የግምገማ መስፈርቱ ለምን እንዲህ ተመረጠ፣ ጨረታው በሙሉ ለምን ተሰረዘ የሚሉት። መስፈርቱ እናንተን ለመጣል የተሰፋ መስሎ ከታያችሁ የምትናገሩት ፖስታ ከማስገባታችሁ በፊት ነው፣ በማብራሪያ ጥያቄ። ተወዳድራችሁ ከወደቃችሁ በኋላ መስፈርቱን መንቀፍ ጆሮ አያገኝም።

የሚያዋጣው የተጻፈው መስፈርት ሌላ ሆኖ የተገመገመው በሌላ ሲሆን ነው። ሰነዱ ያልጠየቀውን ጠይቀው ጣሏችሁ። ለእናንተ ያልሠራው ለአሸናፊው ሠራ። ነጥቡን ሲደምሩ ተሳሳቱ። የነጠላ ዋጋና የጠቅላላ ዋጋ ሲጋጭ ነጠላው መያዝ ሲገባው ጠቅላላውን ያዙ። ለአገር ውስጥ ምርት የሚሰጠውን ልዩ አስተያየት ረሱ፤ በ2002ቱ የፌዴራል መመሪያ ለምሳሌ ለመድኃኒት 25፣ ለሌሎች ዕቃዎች 15፣ ለግንባታና ለምክር አገልግሎት 7.5 በመቶ ነበር።

5. ሒሳቡን ሥሩ፣ ውጤቱ ይቀየራል ወይ?

ብዙ ሰው የሚዘለው ይህን ነው፤ እኔ ደግሞ ከሁሉም በላይ የማምነው በዚህ ነው። ስህተት ማግኘት አይበቃም። ስህተቱ ሲታረም አሸናፊው ካልተቀየረ ኃላፊው «ልክ ናችሁ፣ ግን ለውጥ አያመጣም» ብሎ በትህትና ይሸኛችኋል።

በምሳሌ እንየው። የጄኔሬተር ጥገና አገልግሎት ጨረታ ነው እንበል። ቴክኒኩ 70 በመቶ፣ ዋጋው 30 በመቶ ይይዛል። ሰነዱ «ባለፉት 5 ዓመታት ለተፈጸሙ ተመሳሳይ ውሎች ለእያንዳንዳቸው 2 ነጥብ፣ እስከ 10 ነጥብ» ይላል። እናንተ 5 ውል አስገባችሁ፤ ሁለቱ ከመንግሥት፣ ሦስቱ ከግል ድርጅት። ኮሚቴው የግሎቹን ሳይቆጥር 4 ነጥብ ሰጣችሁ። ሰነዱ ግን «ከመንግሥት ብቻ» የሚል ቃል የትም ቦታ የለውም።

በኮሚቴው አሠራር የቴክኒክ ድምራችሁ 78 ሆነ፣ የአሸናፊው 86። ዋጋችሁ 1,000,000 ብር፣ የእሱ 1,150,000 ብር። ዝቅተኛው ዋጋ 100 ነጥብ ያገኛል፣ የሌላው ዝቅተኛውን ለራሱ ዋጋ አካፍሎ በመቶ ሲባዛ ነው፤ ስለዚህ የእሱ 86.96።

የእናንተ 78 በ0.7 ሲባዛ 54.6፣ ሲደመር 30፣ 84.6። የእሱ 86 በ0.7 ሲባዛ 60.2፣ ሲደመር 26.09፣ 86.29። እሱ አሸነፈ።

አሁን የተበሉትን 6 ነጥቦች መልሱ። 84 በ0.7 ሲባዛ 58.8፣ ሲደመር 30፣ 88.8። እናንተ አሸነፋችሁ!

ይህን ስሌት በአንድ ገጽ ሠንጠረዥ አድርጉና ከቅሬታው ጋር አያይዙ። ኃላፊው የጨረታውን 120 ገጽ ሰነድ አያነብም። ሠንጠረዡን ግን ያያል። ሒሳቡ የማይቀይር ሆኖ ካገኛችሁት ደግሞ ወረቀቱን መሳቢያ ውስጥ ክተቱና ለሚቀጥለው ጨረታ ተዘጋጁ።

6. ደብዳቤው

የሚጻፈው ለመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ ነው። ለግዥ ዳይሬክቶሬት፣ ለኮሚቴው ሰብሳቢ፣ ለምታውቁት ባለሙያ አይደለም። ለሌላ ሰው የተጻፈ ደብዳቤ በመዝገብ ቤት ወደዚያው ሰው ይመራና እዚያው ይቀራል፣ «ለእኛ ቅሬታ አልቀረበም» ለማለትም በር ይከፍታል።

ከአንድ ገጽ ተኩል አይብለጥ። እኔ እንዲህ ነው የምጽፈው፦

«ለ… ሚኒስቴር የበላይ ኃላፊ
አዲስ አበባ
ጉዳዩ፦ በጨረታ ቁጥር … የቴክኒክ ግምገማ ላይ የቀረበ ቅሬታ
ድርጅታችን ከላይ በተጠቀሰው ጨረታ ተወዳድሮ አለመመረጡ በ… ቀን በተጻፈ ደብዳቤ ተገልጾልናል። ደብዳቤው የደረሰን በ… ቀን ነው።
በጨረታ ሰነዱ ክፍል … ተራ ቁጥር … ላይ ለእያንዳንዱ ተመሳሳይ ውል 2 ነጥብ እንደሚሰጥ ተደንግጓል። ውሉ ከመንግሥት መሥሪያ ቤት ጋር ብቻ የተፈጸመ እንዲሆን አልተጠየቀም። ካቀረብናቸው 5 ውሎች 3ቱ ሳይቆጠሩ ቀርተዋል። ቢቆጠሩ ጠቅላላ ውጤታችን ከ84.6 ወደ 88.8 ከፍ ይላል፤ ስሌቱ በአባሪ 1 ቀርቧል።
ስለዚህ ቅሬታችን ውሳኔ እስኪያገኝ ግዥው እንዲታገድ፣ ግምገማው በሰነዱ መሠረት እንዲታረምና ውሳኔው በጽሑፍ እንዲሰጠን እንጠይቃለን።»

አለቀ። «በእጅጉ አዝነናል»፣ «ለሀገራችን ዕድገት ስንል»፣ «ፍትሕ ተጓደለ» የሚሉትን አውጡ። የምትጠይቁትን በግልጽ አስቀምጡ፤ ይታገድ፣ ይታረም፣ በጽሑፍ ይሰጠን። ጥያቄ የሌለው ቅሬታ እሮሮ ነው።

«ተሞዳምደዋል» የሚል ጥርጣሬ ካላችሁም እዚህ ደብዳቤ ውስጥ አታስገቡት። ማስረጃ ካላችሁ ወደ ፌዴራል ሥነ ምግባርና ፀረ ሙስና ኮሚሽን ወይም ወደ ፖሊስ የሚሄድ ራሱን የቻለ ጥቆማ ነው። ማስረጃ ከሌላችሁ ጥሩውን የ6 ነጥብ ክርክር ታበላሹበታላችሁ። ኃላፊው ሌላውን ሁሉ ረስቶ ስም አጠፋችሁ ወደሚለው ይዞራል።

7. መዝገብ ቤት

ሁለት ኮፒ ይዛችሁ ራሳችሁ ሂዱ። አንዱን ይወስዳሉ፣ በሌላው ላይ የገቢ ማህተም፣ ቁጥር፣ ቀንና የተቀባይ ፊርማ ይደረግላችኋል። ፀሐፊዋ «አስቀምጠው፣ እሰጠዋለሁ» ብትልም «እህቴ፣ ማህተም ካልያዝኩ አለቃዬ አያስገባኝም» በሉ፤ ሁሌ ይሠራል። አርብ ከሆነ ከ5:30 በፊት ድረሱ፣ እስከ 7:30 ምሳ ነው፣ ከዚያ በኋላ ደግሞ አርብ ከሰዓት ነው። ማህተሙን እዚያው በራፉ ላይ ቆማችሁ ፎቶ አንሱት። ቀኑ በስህተት የነገ ከሆነ ተመለሱና አሳርሙ። አንዴ እንዲህ ሆኖ አይቻለሁ።

በኤሌክትሮኒክ ሥርዓቱ ያስገባችሁ እንደሆነም የማረጋገጫውን ገጽ ፎቶ አንሱና ቀኑ በሚታይበት መንገድ አስቀምጡ።

8. እስከሚመልሱ

በዚህ መሃል ገዢው የዋጋ መቆያ ጊዜውን (ያቀረባችሁት ዋጋ ጸንቶ የሚቆይበትን) እንድታራዝሙ ሊጠይቅ ይችላል። ካላራዘማችሁ ከጨረታው ወጥታችኋል፣ ቅሬታውም ይቀራል። አራዝመናል ብላችሁ በጽሑፍ መልሱ፣ ሲፒኦው ወይም የባንክ ዋስትናው ቀን የሚያልፍበት ከሆነም አብራችሁ አራዝሙ። ሲፒኦው ባንክ ይዞት የተቀመጠ ገንዘብ ነው፣ ለትንሽ ድርጅት ያማል፣ ስለዚህ ስሌቱ በደንብ እንደሚያሸንፍ እርግጠኛ ሳትሆኑ እዚህ ድረስ አትሂዱ ያልኳችሁ ለዚህ ነው።

9. ቦርዱ

የመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ካልመለሰላችሁ፣ ወይም ከመለሰው ጋር ካልተስማማችሁ፣ በፌዴራል ደረጃ የግዥ አቤቱታ አጣሪ ቦርድ አለ። በ649 ኃላፊው ውሳኔ የሚሰጠው በ10 የሥራ ቀናት ውስጥ ነበር፣ ከዚያ በኋላ ወደ ቦርዱ ለመሄድ 5 የሥራ ቀናት ነበሩ። እዚህም የሚሠራባችሁን ቀን ከሰነዱና ከአዋጁ አረጋግጡ፣ ኃላፊው ዝም ካለም ዝምታው ያበቃበትን ቀን ካላንደር ላይ አክብቡ። ብዙዎች ሁለተኛውን ቀን የሚያሳልፉት መልስ ሲጠብቁ ነው።

ቦርዱ ፊት አዲስ ክርክር አታምጡ። ለኃላፊው ያላችሁትን፣ ኃላፊው የመለሰውን፣ መልሱ የት ላይ እንደሳተ። የጨረታ ሰነዱን ተገቢ ገጾች፣ ማህተም ያለበትን ቅሬታ፣ ስሌቱን አያይዙ። ስለ ሌላው ድርጅት ከምታወሩ ስለ ራሳችሁ ወረቀት አውሩ።

10. ፍርድ ቤት

ቦርዱም ካልተቀበላችሁ የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ውሳኔውን በፍርድ ቤት ለማስከለስ መንገድ ይከፍታል። የሚቀርበው ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። ከዚያ በፊት ያለውን የቅሬታ ደረጃ ሳትጨርሱ ዘላችሁ ከሄዳችሁ ግን ይመልሷችኋል። ፍርድ ቤቱ ቁጭ ብሎ ነጥባችሁን እንደገና ያርማል ብላችሁ አትጠብቁ፤ የሚያየው ውሳኔው ሕጉን ተከትሎ፣ ሥልጣን ባለው አካል፣ በምክንያት መሰጠቱን ነው።

ውሉ እንዳይፈረም ወይም ሥራው እንዳይቀጥል የምትፈልጉ ከሆነ ከአቤቱታው ጋር የዕግድ ማመልከቻ በዚያው ቀን አስገቡ፤ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 እና ተከታዮቹ ላይ ያለው ነው። ዕቃው መጋዘን ከገባ በኋላ ብትረቱም ምን ይዛችሁ እንደምትወጡ አስቡት። ይህ የጠበቃ ሥራ ነው። እስከ ቦርዱ ራሴ እሄዳለሁ፣ ከዚያ በኋላ ጠበቃ እይዛለሁ።

ጠበቃው ቢሮ ስትገቡ ስለ ጨረታው ረጅም ታሪክ ለመጀመር ትቸኩላላችሁ። እሱ ግን እጁን ያነሳና «ቆይ፣ ቅሬታውን ያስገባችሁት መቼ ነው?» ይላል። ያኔ ማህተም ያረፈባትን ኮፒ ከፎልደሩ አውጥታችሁ ጠረጴዛው ላይ ታስቀምጣላችሁ።